ተመጣጣኝ ማመቻቸት

ተመጣጣኝ ማመቻቸት (ምክንያታዊ ማመቻቸት ተብሎም ይተረጎማል) አንድ አካል ጉዳተኛ ከሌሎች ጋር እኩል ሆኖ እንዲሠራ፣ እንዲማር ወይም አገልግሎት እንዲያገኝ አሠሪው፣ ትምህርት ቤቱ ወይም አገልግሎት ሰጪው በአሠራሩ፣ በቦታው ወይም በመሣሪያው ላይ እንዲያደርግ በሕግ የሚጠበቅበት ለውጥ ነው። ግዴታው ወሰን አለው። ለውጡ በድርጅቱ ላይ ከመጠን ያለፈ ጫና የሚያስከትል ከሆነ ሕጉ አያስገድድም። ነገር ግን እንዲህ ያለ ጫና ሳይኖር ማመቻቸትን መከልከል በተባበሩት መንግሥታት የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነትና በብዙ አገሮች ሕግ መሠረት አድልዎ ነው።

በኢትዮጵያ ግዴታው በሥራ ዘርፍ በግልጽ የተደነገገው በአዋጅ ቁጥር 568/2000 ነው። ዩናይትድ ኪንግደም፣ አሜሪካ፣ ደቡብ አፍሪካ፣ እስራኤልና የአውሮፓ ኅብረት አባል አገሮችም ተመሳሳይ ግዴታ የሚጥሉ ሕጎች አሏቸው።

ጽንሰ ሐሳቡ

እኩልነት ሲባል ብዙ ጊዜ የሚታሰበው ሁሉንም ሰው በአንድ ደንብ ማስተናገድ ነው። ተመጣጣኝ ማመቻቸት የሚነሣው ይህ አስተሳሰብ ከማይበቃበት ቦታ ነው። ለምሳሌ አንድ መሥሪያ ቤት ለሒሳብ ሠራተኛነት ላመለከቱ ሁሉ በወረቀት የታተመ ተመሳሳይ ፈተና በተመሳሳይ ሰዓት ቢሰጥ ደንቡ ለሁሉም አንድ ነው። ይሁን እንጂ ከአመልካቾቹ መካከል ዓይነ ስውር ቢኖር የሚወድቀው ሒሳብ ስለማያውቅ ሳይሆን ወረቀቱን ማየት ስለማይችል ነው። ስለዚህ ፈተናው ሊለካ የተዘጋጀውን ነገር አልለካም። ጥያቄዎቹን በብሬል፣ በኮምፒውተር ወይም በአንባቢ ማቅረብና ተጨማሪ ሰዓት መስጠት ፈተናውን አያቀልለትም፤ ጥያቄው ያው ነው፣ መልሱም ያው ነው።

ማመቻቸት እንደ ሰውየው ፍላጎትና እንደ ሥራው ጠባይ ይለያያል። በብዛት የሚታወቁት ዓይነቶች የሚከተሉት ናቸው፦

መሣሪያ፦ የኮምፒውተር ስክሪን የሚያነብ ፕሮግራም፣ ከፍታው የሚስተካከል ጠረጴዛ፣ ፊደል የሚያጎላ መሣሪያ።

ቦታ፦ ተሽከርካሪ ወንበር የሚጠቀምን ሠራተኛ ቢሮ ከፎቅ ወደ ምድር ቤት ማዛወር፣ በደረጃ ፈንታ ተዳፋት መወጣጫ መሥራት፣ የበር መግቢያን ማስፋት።

ጊዜ፦ የሥራ መግቢያና መውጫ ሰዓትን ማስተካከል፣ ለሕክምና ክትትል ፈቃድ መስጠት፣ በፈተና ተጨማሪ ሰዓት መፍቀድ።

የሥራ ክፍፍል፦ ለሥራ መደቡ ዋና ያልሆነን ተግባር ለሌላ ሠራተኛ ሰጥቶ በምትኩ ሌላ ተግባር መቀበል።

የሰው ድጋፍ፦ የምልክት ቋንቋ አስተርጓሚ፣ አንባቢ፣ ጸሐፊ ወይም ረዳት መመደብ።

መረጃ፦ የስብሰባ ጽሑፍን አስቀድሞ በኮምፒውተር ፋይል መላክ፣ መመሪያን በቀላል ቋንቋ ማዘጋጀት።

ከእነዚህ ብዙዎቹ ምንም ወይም ጥቂት ገንዘብ ብቻ የሚጠይቁ ናቸው። የስብሰባ ክፍል መለወጥ ወይም ፋይል በኢሜይል መላክ የበጀት ጉዳይ አይደለም።

ግዴታው የሥራውን ዋና ይዘት እንዲቀየር አያስገድድም። ማየት የማይችልን ሰው በሹፌርነት መቅጠርን የሚያዝ ሕግ የለም። ሕጉ የሚጠይቀው ሰውየው አስፈላጊው ማመቻቸት ቢደረግለት የሥራውን ዋና ተግባራት መወጣት ይችል እንደሆነ ነው። ለዚህም የትኛው ተግባር የሥራው ዋና ክፍል፣ የትኛው ደግሞ በልማድ የተጨመረ እንደሆነ መለየት ያስፈልጋል። መንጃ ፈቃድ የሚጠይቅ የሥራ ማስታወቂያ ወጥቶ ሥራው ግን ቀኑን ሙሉ ቢሮ ውስጥ የሚሠራ ከሆነ፣ መንጃ ፈቃዱ ያለ በቂ ምክንያት አመልካቾችን የሚያስቀር መስፈርት ሊሆን ይችላል።

ከተደራሽነት ጋር ያለው ልዩነት

ተመጣጣኝ ማመቻቸትና ተደራሽነት ብዙ ጊዜ ይምታታሉ። ተደራሽነት ማን እንደሚመጣ ሳይታወቅ ለሁሉም አስቀድሞ የሚዘጋጅ ነው። አዲስ ሕንፃ ሲሠራ መወጣጫ፣ ሰፊ በርና ምቹ መጸዳጃ ቤት እንዲኖረው ማድረግ ተደራሽነት ነው። ተመጣጣኝ ማመቻቸት ግን የአንድን ሰው የተለየ ችግር ለመፍታት የሚደረግ ሲሆን ግዴታው የሚጀምረው ያ ሰው ሲጠይቅ ወይም ፍላጎቱ ሲታወቅ ነው።

የተባበሩት መንግሥታት የአካል ጉዳተኞች መብቶች ኮሚቴ እ.ኤ.አ. በ2018 ባወጣው አጠቃላይ አስተያየት ቁጥር 6 ይህን ልዩነት አብራርቷል። ሁለቱ ይደጋገፋሉ። ሕንፃው አስቀድሞ ተደራሽ ሆኖ ከተሠራ በኋላ ላይ የሚጠየቀው ማመቻቸት ይቀንሳል። በሌላ በኩል በደንብ የተሠራ ሕንፃ እንኳን የእያንዳንዱን ሰው ፍላጎት አያሟላም። መወጣጫ ያለው ቢሮ መስማት ለተሳነው ሠራተኛ አስተርጓሚ አይሆነውም።

ታሪክ

ቃሉ በአሜሪካ ሕግ ውስጥ መጀመሪያ የታወቀው ከአካል ጉዳት ጋር በተያያዘ ሳይሆን ከሃይማኖት ጋር በተያያዘ ነበር። የአሜሪካ ኮንግረስ እ.ኤ.አ. በ1972 የ1964ቱን የሲቪል መብቶች ሕግ ሲያሻሽል፣ አሠሪዎች ከመጠን ያለፈ ችግር እስካልገጠማቸው ድረስ ለሠራተኞቻቸው ሃይማኖታዊ ሥርዓት ማመቻቸት እንዲያደርጉ ደነገገ። የሰንበት ቀኑን የሚያከብር ሠራተኛ ተራውን ከሌላ ሠራተኛ ጋር እንዲቀያየር መፍቀድ ለዚህ ምሳሌ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1973 የወጣው የተሐድሶ ሕግ በአንቀጽ 504 የፌዴራል መንግሥት ገንዘብ በሚያገኙ ተቋማት ውስጥ በአካል ጉዳተኞች ላይ የሚደረግን አድልዎ ከለከለ። የማስፈጸሚያ ደንቡ ግን ለዓመታት ሳይፈረም ቆየ። በኤፕሪል 1977 አካል ጉዳተኞች በሳን ፍራንሲስኮ በሚገኝ የፌዴራል መንግሥት ሕንፃ ውስጥ ከሦስት ሳምንት በላይ የተቀመጡበት ተቃውሞ ተካሄደ፤ ደንቡም በዚያው ወር በ28ኛው ቀን ተፈረመ። በጁላይ 26 ቀን 1990 የወጣው የአሜሪካ የአካል ጉዳተኞች ሕግ ግዴታውን 15 እና ከዚያ በላይ ሠራተኞች ወዳሏቸው የግል አሠሪዎች አስፋፋው።

ብሪታንያ እ.ኤ.አ. በ1995 የአካል ጉዳት አድልዎ ሕግን አወጣች። የአውሮፓ ኅብረት ደግሞ በ2000 ባወጣው የሥራ እኩልነት መመሪያ አንቀጽ 5 አባል አገሮች ሁሉ ግዴታውን በሕጋቸው እንዲያካትቱ አዘዘ።

በዓለም አቀፍ ሕግ

የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነትን በዲሴምበር 13 ቀን 2006 እ.ኤ.አ. (ታኅሣሥ 4 ቀን 1999 ዓ.ም.) ያጸደቀ ሲሆን፣ ስምምነቱ በሜይ 3 ቀን 2008 እ.ኤ.አ. ሥራ ላይ ውሏል። አንቀጽ 2 ለተመጣጣኝ ማመቻቸት ትርጉም ይሰጣል፤ ማመቻቸትን መከልከልም ከአድልዎ ዓይነቶች አንዱ መሆኑን ይገልጻል። አንቀጽ 5 መንግሥታት ማመቻቸት መደረጉን እንዲያረጋግጡ ይጠይቃል። አንቀጽ 24 ይህንኑ ለትምህርት፣ አንቀጽ 27 ደግሞ ለሥራ ይደነግጋል።

ጤና፣ መኖሪያና ትምህርትን የመሳሰሉ ማኅበራዊ መብቶች በብዙ ስምምነቶች ውስጥ እንደ መንግሥት አቅም ደረጃ በደረጃ የሚሟሉ ናቸው። አድልዎን የመከልከል ግዴታ ግን ጊዜ አይሰጥም። ማመቻቸትን መከልከል አድልዎ ከሆነ፣ ግዴታውም ወዲያውኑ የሚፈጸም ነው ማለት ነው። በዚህ ምክንያት አንድ ትምህርት ቤት «አገሪቱ ስታድግ እናሟላለን» ብሎ ለአንድ ተማሪ የቀረበን ጥያቄ ማቆየት አይችልም፤ ማቅረብ የሚችለው መከላከያ ጫናው ከአቅሙ በላይ መሆኑን ማስረዳት ብቻ ነው።

በኢትዮጵያ

የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 41 ንዑስ አንቀጽ 5 መንግሥት አቅሙ በፈቀደ መጠን የአካልና የአእምሮ ጉዳተኞችን ለማቋቋምና ለመርዳት ሀብት እንዲመድብ ይደነግጋል። ይህ ድንጋጌ ጉዳዩን የሚያየው ከእርዳታ አንጻር ነው። ተመጣጣኝ ማመቻቸት ግን እርዳታ ሳይሆን ሰውየው ሊጠይቀው የሚችል መብት ነው።

ይህ የአመለካከት ለውጥ በሁለት ተከታታይ አዋጆች ላይ ይታያል። የመጀመሪያው የአካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት መብት አዋጅ ቁጥር 101/1986 ለአካል ጉዳተኞች የሥራ መደቦች ተለይተው እንዲያዙ የሚያደርግ ነበር። ይህን አዋጅ የተካው አዋጅ ቁጥር 568/2000 በመግቢያው የቀድሞውን አሠራር ይተቻል። የሥራ መደብ ለይቶ መያዝ አካል ጉዳተኞች በችሎታቸው ተወዳድረው መሥራት አይችሉም የሚል አመለካከት እንደፈጠረ፣ የቀድሞው ሕግም የተመጣጣኝ ማመቻቸት መብታቸውን እንዳላረጋገጠና ከአድልዎ በአግባቡ እንዳልጠበቃቸው ይገልጻል።

አዋጅ ቁጥር 568/2000 ማመቻቸትን በሥራ ቦታ መሣሪያዎች፣ በሥራው መስፈርቶች፣ በሥራ ሰዓት፣ በድርጅቱ አደረጃጀትና በሥራ አካባቢ ላይ የሚደረግ ማስተካከያ አድርጎ ይተረጉመዋል። አሠሪው ለሥራውም ሆነ ለሥልጠናው ምቹ ሁኔታ እንዲፈጥር፣ አስፈላጊ ሲሆንም ረዳት እንዲመድብ ያዛል። አካል ጉዳተኛ ሴቶች በጾታቸውና በጉዳታቸው ምክንያት ድርብ ጫና እንደሚደርስባቸው በመገንዘብም ለእነርሱ የተለየ ጥበቃ ያደርጋል።

ከአዋጁ ጠንካራ ድንጋጌዎች አንዱ የማስረዳት ሸክምን የሚመለከተው ነው። በተለመደው የፍትሐ ብሔር ክርክር የከሰሰ ያስረዳል። በዚህ አዋጅ ግን በአካል ጉዳቱ ምክንያት አድልዎ ተፈጽሞብኛል የሚል ሰው የማስረዳት ሸክም የለበትም፤ አድልዎ አለመፈጸሙን ማስረዳት ያለበት ተከሳሹ ነው። የቅጥር ሰነዶች፣ የፈተና ውጤቶችና የውስጥ ውሳኔዎች የሚገኙት በአሠሪው እጅ ስለሆነ ይህ ሸክም ባይዞር ኖሮ መብቱን በፍርድ ቤት ማስከበር እጅግ አስቸጋሪ ይሆን ነበር።

ኢትዮጵያ የተባበሩት መንግሥታትን ስምምነት በአዋጅ ቁጥር 676/2002 አጽድቃለች። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 9 መሠረት ያጸደቀቻቸው ዓለም አቀፍ ስምምነቶች የአገሪቱ ሕግ አካል ናቸው። ስለዚህ አዋጅ 568 ከሥራ ውጭ የማይነካቸው እንደ ትምህርት ያሉ ዘርፎች በስምምነቱ ይሸፈናሉ። የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624/2001 ደግሞ በአንቀጽ 36 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃዎች ተሽከርካሪ ወንበር ለሚጠቀሙና ደረጃ መውጣት ለማይችሉ ሰዎች የሚያመች መግቢያና መጸዳጃ ቤት እንዲኖራቸው ያዛል። ይህ የተደራሽነት ግዴታ ነው።

በአገሪቱ ጉዳዩን ወደ ሕዝብ ካቀረቡት ሰዎች መካከል የሕግ ባለሙያዋ የትነበርሽ ንጉሤ ትገኛለች። በልጅነቷ የዓይን ብርሃኗን ያጣችው የትነበርሽ ለአካል ጉዳተኞች መብት ባደረገችው ሥራ እ.ኤ.አ. በ2017 የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማትን ተቀብላለች።

በዩናይትድ ኪንግደም

በእንግሊዝ፣ በዌልስና በስኮትላንድ ግዴታው የሚገኘው እ.ኤ.አ. በ2010 በወጣው የእኩልነት ሕግ አንቀጽ 20 ውስጥ ነው። በሰሜን አየርላንድ የ1995ቱ ሕግ አሁንም ይሠራል። አንቀጽ 20 ሦስት ግዴታዎችን ይዘረዝራል፦ አካል ጉዳተኛን ለጉዳት የሚዳርግ ደንብ ወይም አሠራርን ማስተካከል፣ እንቅፋት የሆነ የሕንፃ ክፍልን ማስተካከል እና አጋዥ መሣሪያ ወይም አገልግሎት ማቅረብ። ወጪውን አካል ጉዳተኛው እንዲከፍል ማድረግ የተከለከለ ነው። ሱቅና ባንክን የመሰሉ አገልግሎት ሰጪዎች ጥያቄ እስኪቀርብላቸው መጠበቅ የለባቸውም፤ ምን ሊያስፈልግ እንደሚችል አስቀድመው ማሰብ አለባቸው።

ግዴታው ምን ያህል ሊሄድ እንደሚችል ካሳዩ ውሳኔዎች አንዱ የጌቶች ምክር ቤት እ.ኤ.አ. በ2004 በስኮትላንድ ፋይፍ ምክር ቤት ጉዳይ ላይ የሰጠው ነው። የመንገድ ጽዳት ሠራተኛ የነበረች ሴት ከቀዶ ሕክምና በኋላ በደረሰባት ችግር መራመድ ተሳናት። የቢሮ ሥራ መሥራት ትችል ስለነበር በዚያው ምክር ቤት ውስጥ ከ100 በላይ ለሚሆኑ የሥራ መደቦች አመለከተች። ደንቡ ግን ደረጃው ከፍ ወዳለ መደብ ለመዛወር ከሌሎች ጋር መወዳደርን ይጠይቅ ነበር። አንዱንም ሳታገኝ ቀረች፤ በመጨረሻም ከሥራ ተሰናበተች። አሠሪው ለሁሉም አንድ ዓይነት ደንብ እንደተጠቀመ ተከራከረ። ዳኞቹ ግን ሕጉ እንደ ሁኔታው አካል ጉዳተኛን በተሻለ መንገድ ማስተናገድን እንደሚጠይቅ፣ ሠራተኛዋን ያለ ውድድር ወደ ክፍት መደብ ማዛወርም ተገቢ ማመቻቸት ሊሆን እንደሚችል ወሰኑ፤ ጉዳዩንም እንደገና እንዲታይ ወደ ሥር ችሎት መለሱት።

በ2017 ደግሞ የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በአውቶቡስ ላይ ለተሽከርካሪ ወንበር የተለየ ቦታን የሚመለከት ክርክር መረመረ። ቦታውን የሕፃን ጋሪ የያዘች እናት ይዛው ስለነበር ተሽከርካሪ ወንበር የሚጠቀመው ተጓዥ መሳፈር አልቻለም። ፍርድ ቤቱ ሹፌሩ ቦታውን የያዘውን ሰው አንድ ጊዜ ጠይቆ እንቢ ሲባል ዝም ማለቱ በቂ እንዳልሆነ፣ እንቢታው አግባብ ካልሆነ እንደ ሁኔታው ተጨማሪ ጥረት ማድረግ እንዳለበት ገለጸ። ሆኖም ተሳፋሪውን በግድ ከአውቶቡስ የማስወረድ ግዴታ አልጣለም።

ከመጠን ያለፈ ጫና

አንድ ማመቻቸት ከአቅም በላይ ነው የሚባለው በግምት ሳይሆን ተመዝኖ ነው። በኢትዮጵያ አዋጅ መሠረት የሚታዩት የማስተካከያው ዓይነትና ወጪ፣ የድርጅቱ መጠንና አደረጃጀት፣ የሥራ ማስኬጃ ወጪውና የሠራተኞቹ ብዛትና ስብጥር ናቸው። ስለዚህ ለአንድ ትልቅ ባንክ ቀላል የሆነ ወጪ አምስት ሠራተኞች ላሉት ሱቅ ከባድ ሊሆን ይችላል። መልሱ ከድርጅት ድርጅት ይለያያል።

አጠቃላይ አስተያየት ቁጥር 6 ጫናው ከመጠን ያለፈ መሆኑን የማስረዳት ሸክም በግዴታው ባለቤት ላይ እንደሆነ ያስቀምጣል። የተጠየቀው ማመቻቸት ውድ ሆኖ ከተገኘም ጉዳዩ እዚያ አያበቃም፤ ለተመሳሳይ ዓላማ የሚበቃ ርካሽ አማራጭ መፈለግ አለበት። ሊፍት ማስገባት የማይችል ድርጅት ስብሰባውን ምድር ቤት ማድረግ ይችላል። አንዳንድ መንግሥታት የአሠሪውን ወጪ ይጋራሉ። በብሪታንያ አክሰስ ቱ ወርክ የተባለው የመንግሥት መርሐ ግብር ለመሣሪያ፣ ለአስተርጓሚና ወደ ሥራ ለመመላለሻ የሚሆን ድጋፍ ይሰጣል።

በኮምፒውተርና በበይነ መረብ

የሥራና የትምህርት ማመልከቻዎች ወደ በይነ መረብ በተዛወሩ ቁጥር እንቅፋቶችም አብረው ተዛውረዋል። ዓይነ ስውራን ኮምፒውተር የሚጠቀሙት የስክሪኑን ጽሑፍ ወደ ድምፅ ወይም ወደ ብሬል በሚለውጥ ፕሮግራም ነው። ኤንቪዲኤ የተባለው ፕሮግራም በነፃ የሚገኝ ነው። ፕሮግራሙ ሊያነብ የሚችለው ግን እውነተኛ ጽሑፍን ብቻ ነው። ስካን የተደረገ ገጽ ለሚያይ ሰው ጽሑፍ ቢመስልም ለፕሮግራሙ ፎቶግራፍ ነው።

ለአማርኛ ተጨማሪ ችግር አለ። የኢትዮጵያ ፊደል በዩኒኮድ ውስጥ የተካተተው እ.ኤ.አ. በ1999 በ3.0 እትም ነው። ከዚያ በፊት በነበሩ የፊደል ፕሮግራሞች የተጻፉ ሰነዶች በስክሪን ላይ አማርኛ ቢመስሉም በውስጣቸው ያሉት የሌሎች ምልክቶች ኮዶች ናቸው። ማንበቢያ ፕሮግራሙም ትርጉም የሌለው ድምፅ ያወጣል። እነዚህን ሰነዶች ወደ ዩኒኮድ መለወጥ፣ የስካን ምስልን እንደገና መተየብ ወይም የመጀመሪያውን የቃላት ፋይል መላክ በብዙ ቢሮዎች ሊደረግ የሚችል ማመቻቸት ነው። አዋጆች ራሳቸው በበይነ መረብ ላይ ብዙ ጊዜ የሚገኙት በስካን ምስል መልክ ስለሆነ፣ አንድ ዓይነ ስውር ስለ መብቱ የሚናገረውን ሕግ ያለ ሌላ ሰው እርዳታ ማንበብ የማይችልበት አጋጣሚ አለ።

የድረ ገጽ ተደራሽነት መመሪያ የሚባለው ዓለም አቀፍ መስፈርት መጀመሪያ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1999 ሲሆን 2.2 እትሙ በ2023 ወጥቷል። ለምስሎች የጽሑፍ መግለጫ መስጠትን፣ ገጹ ያለ ማውስ በኪቦርድ ብቻ እንዲሠራ ማድረግንና በጽሑፉና በጀርባው ቀለም መካከል በቂ ልዩነት እንዲኖር ማድረግን ይጠይቃል።

ሂደቱና የሚያጋጥሙ ችግሮች

ማመቻቸት በአብዛኛው የሚጀምረው በንግግር ነው። ሠራተኛው ወይም ተማሪው እንቅፋቱን ይናገራል፤ ድርጅቱ አማራጮችን ያቀርባል፤ ሁለቱ ይመካከሩበታል፤ ከተሞከረ በኋላም መሥራት አለመሥራቱ ይታያል። የጉዳቱ ዓይነት አንድ ቢሆንም ፍላጎቱ ይለያያል። ከዓይነ ስውራን መካከል ብሬል የሚያነብም የማያነብም አለ። መስማት ከተሳናቸው መካከል የምልክት ቋንቋ የሚጠቀምም ጽሑፍ የሚመርጥም አለ። ስለዚህ ባለጉዳዩን ሳይጠይቁ የተገዛ መሣሪያ ብዙ ጊዜ ጥቅም ላይ ሳይውል ይቀራል።

የመጀመሪያው ችግር መጠየቅ ራሱ ነው። ሰውየው ጉዳቱን ከተናገረ ሥራውን አጣለሁ ብሎ ሊሰጋ ይችላል፤ ካልተናገረ ደግሞ አሠሪው አላወቅሁም ሊል ይችላል። በብሪታንያ ሕግ አሠሪው ስለ ጉዳቱ ካላወቀና ማወቅም ካልነበረበት ግዴታ የለበትም። እንደ መስማት መቀነስ፣ የሚጥል በሽታና የአእምሮ ጤና ችግር ያሉ በዓይን የማይታዩ ጉዳቶች ያሉባቸው ሰዎች በዚህ ይበልጥ ይቸገራሉ። ሁለተኛው ችግር ማመቻቸትን እንደ ውለታ ማየት ነው። በአለቃ ደግነት የተገኘ ነገር አለቃው ሲለወጥ ሊቀር ይችላል። በሕግ የተገኘ መብት ግን አዲሱንም አለቃ ያስገድዳል። በዚህ ምክንያት የተስማሙበትን ማመቻቸት በጽሑፍ ማስቀመጥ ለሁለቱም ወገኖች ይጠቅማል።